ስምንት ማለት ያፈርኩበት ቀን

አሁን ሥራሽ ምንድን ነው ብትሉኝ መታመም ነው። ሰኞ ትርፍ አንጀት፣ ረቡዕ አስም፣ ዓርብ ደግሞ ምጥ ይይዘኛል። ነርስ ተማሪዎችና ጀማሪ አስተርጓሚዎች እንዲለማመዱብኝ አልጋ ላይ ተኝቼ በሽተኛ ሆኜ እተውናለሁ። በቀረው ቀን ዳላስ አጠገብ አዲሰን ውስጥ ካለች አንዲት ጠባብ ስቱዲዮ ገብቼ ድምፄን እቀዳለሁ። ከዚያ በፊት ግን ሯጭ ነበርኩ፤ ሌላ ነገር እሆናለሁ ብዬም አስቤ አላውቅም። ከሩጫ ወደ ትወና የተሻገርኩት በአንድ ዓርብ ቀን፣ ከረፋድ እስከ አመሻሽ ባሉት ሰዓታት ነው፤ ያውም በሰው እየተገፋሁ፣ በተሽከርካሪ ወንበር። ነገሩን ከነሐፍረቱ ልንገራችሁ።

ያኔ ሃያ ሰባት ዓመቴ ነው። ደብረ ብርሃን ተወልጄ፣ አዲስ አበባ በአንድ ክለብ ስሮጥ ቆይቼ፣ ዲቪ ደርሶኝ ቴክሳስ ከገባሁ ሦስት ዓመት ሆኖኛል። የምኖረው ቤድፎርድ፣ ከታላቅ ወንድሜ ከጌታነህ ጋር ነው። ጌታነህ ኤርፖርት የሆቴል ሻትል ይነዳል፤ ከዚያ የተረፈው ሕይወቱ በሙሉ እኔ ነበርኩ። ራሱም ድሮ ሯጭ ነበር፤ እንደ ብዙዎቻችን ስሙ ሳይጠራ የቀረ። እኔ ስመጣ አሰልጣኜም፣ ሾፌሬም፣ ምግብ አብሳዬም ሆነ። ጎህ ሳይቀድ ተነስቶ መኪናውን ያሞቃል፤ እኔ ስሮጥ እሱ ሰዓት ይዞ ዳር ይቆማል። አንድም ቀን ሲያማርር ሰምቼው አላውቅም።

እኔም አላማርርም ነበር። ከክለብ ይዤው የመጣሁት ዋናው ትምህርት ሩጫ ሳይሆን ሕመም መደበቅ ነው። አንድ ጠዋት አሰልጣኛችን ሰብስቦን «የሚያማችሁ ካላችሁ እጃችሁን አውጡ» አለን። ጽጌ የምትባል የዋህ ልጅ ነበረች፤ ጉልበቴን ብላ አወጣች። በሚቀጥለው ወር የውድድር ስም ዝርዝር ሲለጠፍ ጽጌ የለችበትም። ማንም ምንም አላለንም፤ ግን ሁላችንም ገባን። ከዚያ ወዲያ ጥፍሬ ሲነቀል ጫማው ነው፣ ሳነክስ ጠጠር ገብቶ ነው፣ ዓይኔ እንባ ሲያቀር ነፋሱ ነው እያልኩ አደግኩ።

ከዚያ ዓርብ በፊት ስድስት ሳምንት ያህል ቀኝ ብሽሽቴ ውስጥ፣ ከሥጋው በታች፣ የሆነ ነገር ይነክሰኝ ነበር። ስሮጥ ይብሳል፤ ማታ ስገላበጥ ይቀሰቅሰኛል። መኪና ውስጥ ስገባ ሱሪዬን የማስተካክል መስዬ እግሬን በእጄ አነሳዋለሁ። ጌታነህ አጠገቤ ተቀምጦ አንዴም አላየኝም፤ እንግዲህ ምን ያህል ጎበዝ እንደነበርኩ ገምቱ። እሁድ ፎርት ወርዝ ላይ ማራቶን ነበረኝ፣ ሙሉውን አርባ ሁለት ኪሎ ሜትር። ጌታነህ ለዚያ ቀን ብሎ ከሥራ ፈቃድ ወስዷል። እንደምንም ጨርሼ ከዚያ ወዲያ እታከማለሁ ብዬ ለራሴ ነግሬዋለሁ።

ሐሙስ ከሰዓት ስልኬ ጮኸ። ሲስተር ሙሉነሽ ናቸው፤ የቤተ ክርስቲያናችን ሰው፣ አንጋፋ ነርስ፣ አሁን ደግሞ አስተማሪ።

«ትርሲት፣ ነገ ኦፍ ነሽ?»

«ኦፍ ነኝ ሲስተር። እሁድ ውድድር ስላለኝ እያረፍኩ ነው።»

«ጎሽ! እኔ ጋ መጥተሽ ትተኛለሽ።»

«ምን አሉኝ?»

«በሽተኛ ሆና የምትሠራልን ሴትዮ ልጇ ታሞባት ካንስል አደረገች። ተማሪዎቼ ነገ ፈተና አላቸው። አልጋ ላይ ተጋድሞ አመመኝ ማለት ነው፣ ሌላ ምንም የለውም። እምቢ እንዳትዪኝ።»

ለጌታነህ ስነግረው ትንሽ አሰበና «ተኝቶ ከሆነ ጥሩ ሪከቨሪ ነው፣ ሂጂ» አለኝ። ዓርብ ረፋድ ላይ እሱው ዳላስ፣ ቪከሪ ሜዶ የሚባለው ሰፈር ወስዶ፣ ከባቡር ጣቢያው አለፍ ብሎ ካለው ሕንፃ በር ላይ አውርዶኝ ወደ ሥራው ሄደ።

ክፍሉ ቁርጥ ሆስፒታል ነው። አልጋ፣ መጋረጃ፣ የደም ግፊት መለኪያ፣ ሁሉም አለ። ሲስተር ነጭ የበሽተኛ ልብስ አስለበሱኝና አንድ ወረቀት ሰጡኝ። ስም ዘነበች ይላል። ዕድሜ አርባ። ሕመሙ ትርፍ አንጀት፤ ከሁለት ቀን ጀምሮ ከሆድ በስተቀኝ ዝቅ ብሎ የሚያም። የሕመሙ መጠን ከአሥር ስምንት። «ይኼን ብቻ ያዢ» ብለው ከመጋረጃው ጀርባ ገቡ።

መጀመሪያ የገቡት ሁለት ናቸው። አንዷ ኬቲ የምትባል አሜሪካዊት ነርስ ተማሪ። ሌላዋ አስተርጓሚነት የምትማር ሄርሜላ፤ እዚሁ ጋርላንድ ተወልዳ ያደገች፣ አማርኛዋ በእንግሊዝኛ ምላስ የሚወጣ ቆንጆ ልጅ። ኬቲ ጠየቀች፣ ሄርሜላ ወደ እኔ ዞረች።

«ሃይ ዘነበች፣ ዛሬ እንዴት ነሽ?»

«እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደህና ነኝ። እናንተስ? ቤተሰብ ሰላም ነው?»

ሄርሜላ ወረቀቷን አየች፣ እኔን አየች። «ማለቴ… ደህና ነሽ?»

«በጣም ደህና።»

ኬቲ ጻፈች። ሄርሜላ ጉሮሮዋን ጠርጋ «ኦኬ፣ ፔይን ካለ፣ ከአንድ እስከ አሥር ስንት ነው? አሥር ማለት በጣም በጣም የሚያመው» አለች።

ወረቀቱን አልረሳሁትም፤ ስምንት ነው የሚለው። ስምንት ልል አፌን ከፈትኩ። ግን አስቡት፤ አሥር ሞት ነው፣ ዘጠኝ ጣር ነው። ሁለት ሰው ፊቴ ቆሞ በትህትና እየጠየቀኝ፣ ንጹሕ አንሶላ ላይ ተጋድሜ፣ እንዴት ብዬ ስምንት እላለሁ?

«ሁለት» አልኩ።

መጋረጃው ተገለጠ። «አንቺ ልጅ፣ ወረቀቱ ላይ ስንት ነው የሚለው?» አሉ ሲስተር።

«ስምንት።»

«ታዲያ?»

«ስምንት ማለት አፈርኩ፣ ሲስተር።»

ሲስተር በሳቅ ፈረሱ። ለኬቲ በእንግሊዝኛ ነገሯት፤ እሷም ሳቀች። ከዚያ ድንገት ሳቃቸውን አቆሙና እጃቸውን አነሱ። «ቆይ፣ ቆይ። ይኼን እንዳትነኩት። እኔ ኢመርጀንሲ ስንት ዓመት ስሠራ ያየሁት ይኼንኑ ነው። የኛ ሰው አንጀቱ ፈንድቶ ተመስገን ይላል። ሄርሜላ፣ እናትሽ አመመኝ ብላ ታውቃለች?»

«ኔቨር!» አለች ሄርሜላ። «ማሚ ሰርጀሪ አድርጋ ስትነቃ፣ ‹በልታችኋል?› ነው ያለችን።»

«አየሽ! እንግዲህ ነገ የሚገጥማችሁ ታካሚ ይቺ ናት። አፏን አትመኑ። ፊቷን እዩ፣ እጇን እዩ፣ በእጃችሁ ፈልጉት።» ወደ እኔ ዞሩ። «አንቺም እንደ ጀመርሽው ቀጥዪ። ደብቂ።»

ደብቂ! እንዲህ በልኬ የተሰፋ ሥራ ተሰጥቶኝ አያውቅም። ኬቲ ሆዴን ስትጫን ፊቴን አላንቀሳቀስኩም፤ የሌለ ሕመም እንደሚደብቅ ሰው በጣት ጫፍ ብቻ አንሶላውን ጨበጥ አደረግኩ። ኬቲ ጣቴን አየችና ዓይኗ በራ። እኔም ይኼ ነገር ይሆንልኛል መሰለኝ ብዬ በልቤ ተኩራራሁ።

ከዚያ ኬቲ አንድ ነገር አለች፤ ሄርሜላም «አሁን ቀኝ እግርሽን ታነሳለች፣ ኦኬ?» ብላ ተረጎመችልኝ። ለካ ትርፍ አንጀት ሲጠረጠር እግሩን አጥፎ ወደ ውስጥ ማዞር የምርመራው አካል ነው። ወረቀቱ ላይ ስላልነበረ አላወቅኩም። ኬቲ ጉልበቴን ወደ ላይ አጠፈች፤ ከዚያ አዞረችው።

ጮህኩ። ስድስት ሳምንት ያጠራቀምኩት በሙሉ ባንዴ ወጣ። በር ላይ ተራ የሚጠብቁት ተማሪዎች ሳይቀሩ ሮጠው ገቡ። ኬቲ እግሬን ለቃ ግድግዳ ተደገፈች። ከዚያ አንዱ ማጨብጨብ ጀመረ፤ ሁሉም ተከተሉት። ሄርሜላ «ኦ ማይ ጋድ፣ ይቺ ሪል አክትረስ ናት!» አለች። እኔም መውጫ ስላገኘሁ ፈገግ አልኩ፤ አዎ ትወና ነው ለማለት እጄን እንኳ አውለበለብኩ።

ሲስተር አላጨበጨቡም። «ሁላችሁም ብሬክ ውሰዱ» ብለው አስወጧቸውና በሩን ዘጉ። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጡ።

«የቱ ጋ ነው?»

«ሲስተር፣ ትወና እኮ ነው።»

«ከላይኛው ከንፈርሽ በላይ ላብ አለ። እሱንም ተወንሽው?»

ላቤን በእጄ ጀርባ ጠረግኩ።

«እሺ፣ ትወና ከሆነ ተነሽ። በቀኝ እግርሽ ብቻ አንዴ ዝለዪልኝ።»

ተነሳሁ። ወገቤን ይዤ ቀኝ እግሬ ላይ ቆምኩ። በሕይወቴ ስንት ሺህ ኪሎ ሜትር የሮጥኩበት እግር ነው፤ አንዲት ዝላይ ምን ትሆናለች? ሰውነቴ ግን እምቢ አለ። ጉልበቴን አጠፍኩ፣ አዘጋጀሁ፣ መሬቱን መልቀቅ አቃተኝ። እንባዬ መጣ። ነፋስ ነው እንዳልል ክፍሉ ዝግ ነው።

«ከመቼ ጀምሮ?»

«ስድስት ሳምንት።»

«እሁድ ልትሮጪበት ነበር?»

«አዎ።»

«እሁድን ተዪው፤ እዚያ በር ድረስ እንኳ በእግርሽ አትሄጂም።» ተነስተው ለመለማመጃ የቆመውን ተሽከርካሪ ወንበር እየገፉ አመጡ። ፈተናውን ለሌላ አስተማሪ አስረክበው፣ በበሽተኛዋ በዘነበች ልብስ እንዳለሁ በመኪናቸው ሆስፒታል ወሰዱኝ።

እዚያ መጠበቅ ነው። ራጅ ተነሳሁ፣ ምንም አይታይም ተባለ። እኔም ይኸው ደህና ነኝ ልል ስል ሲስተር «ኤምአርአይ ትነሳለች» ብለው ድርቅ አሉ። በመሀል ስልኬ ይንጫጫል። ጌታነህ ነው። «ጨረስሽ?» «ውሃ እየጠጣሽ ነው?» «ለነገ ፓስታ ሠርቼልሻለሁ።» እያንዳንዱን አነበብኩት፣ ለአንዱም አልመለስኩም። ከእግሬ ይልቅ ያ ፓስታ አመመኝ። ሦስት ዓመት ሙሉ ለእኔ ሲነሳ፣ ለእኔ ሲቆም የኖረ ሰው ነው፤ ምን ብዬ እነግረዋለሁ?

ከሰዓት በኋላ ሐኪሙ መጣ፤ ወጣት ነው፣ ረጋ ያለ። ስዕሉን እያሳየ ተናገረ፣ ሲስተር ተረጎሙልኝ። የጭኔ አጥንት ከዳሌዬ ጋር የሚገናኝበት ቦታ ላይ ተሰንጥቋል። ስንጥቁ ገና እስከ መጨረሻው አልሄደም። ክራንች ይዤ ሳልረግጠው ከቆየሁ ያለ ቀዶ ሕክምና ሊድን ይችላል። እሁድ ብሮጥበት ኖሮ መንገድ ላይ ለሁለት ሊሰበር ይችል ነበር፤ ያኔ ተቀዶ ብረት ማስገባት ነው፣ ምናልባትም የዕድሜ ልክ ማንከስ።

እዚህ ላይ ነው የማፍርበት ነገር ያለው። ሳቅኩ። ሲስተር አለቀሰች ብለው ትከሻዬን አቀፉ፤ እኔ ግን እየሳቅኩ ነበር። እሁድ አልሮጥም! ደረቴ ላይ ለዓመታት የተቀመጠ ሰው ተነስቶ የሄደ መሰለኝ። ሐኪሙ ድንጋጤ መስሎት ሊያጽናናኝ ፈለገ። «አይዞሽ፣ ከጥቂት ወራት በኋላ ተመልሰሽ ትሮጫለሽ» አለኝ።

ይኼን ስሰማ ልቤ ዝቅ አለ።

ልብ በሉ፤ ተሰንጥቋል ስባል ደስ ብሎኝ፣ ይድናል ስባል ከፋኝ። ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ስድስት ሳምንት የደበቅኩት አጥንቴን ነው፤ ሩጫ እንደ መረረኝ ግን ለዓመታት ከራሴም ጭምር ስደብቅ ኖሬአለሁ።

ለጌታነህ የት እንዳለሁ ጻፍኩለት። ሲስተር «እኔ ልንገረው?» አሉኝ። «አይ፣ የደበቅኩት እኔ ነኝ፣ እኔው ልናገር» አልኩ። ብዙም ሳይቆይ የሻትል ዩኒፎርሙን እንደ ለበሰ፣ ፓስታውን በዕቃ ይዞ፣ እያለከለከ ገባ። ክራንቹን አየ። ፓስታውን ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠ።

«ምን ሆንሽ?»

ነገርኩት። ስድስት ሳምንቱን፣ ሱሪ ማስተካከሉን፣ ስንጥቁን። ፊቱ አመድ መሰለ። «እኔ አጠገብሽ ሆኜ? ሰዓት ይዤ እያየሁሽ?» አለ። ሰዓቱን እንጂ እኔን እንዳላየ ያን ጊዜ ታወቀው መሰለኝ፣ ወንበሩ ላይ ዘጭ አለ።

«ሐኪሙ ተመልሰሽ ትሮጫለሽ ብሏል» አልኩ። «እኔ ግን አልፈልግም ጌቾ። አልመለስም።»

ሲስተር መስኮቱን ማየት ጀመሩ።

«ከመቼ ጀምሮ ነው ያልፈለግሽው?»

«እንጃ። ቆይቷል።»

«ታዲያ ለምን አልነገርሽኝም?»

«አንተ ስለምትፈልግ።»

«እኔ?» ከመቀመጫው ብድግ አለ። «እኔ እኮ አንቺ ስለምትፈልጊ ነው! ትርሲ፣ እኔ ከሩጫ ከወጣሁ በኋላ ሰዓት መያዝ ራሱ ያንገሸግሸኝ ነበር። እህቴ ሕልም አላት፣ እንዴት አባቴ ብዬ ይኼን እነግራታለሁ ብዬ ነው።»

ተያየን። ሁለት ሰው ለአንድ ቤት ኪራይ እየከፈለ፣ ከአንድ ማሰሮ እየበላ፣ ሦስት ዓመት ሙሉ አንዱ ለሌላው ሲል የማይፈልገውን ሲሠራ ኖሯል። ጌታነህ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፍኖ ቆየ። ሲገልጠው ዓይኑ ቀልቷል።

«ሶ…» አለ ቀስ ብሎ። «እሁድ ጠዋት እንተኛለን ማለት ነው?»

«ምን ትተኛላችሁ!» አሉ ሲስተር ከመስኮቱ ሳይዞሩ። «ስንት ዓመት ከቅዳሴ የቀራችሁትን እሁድ ትጀምሩታላችሁ።»

ሦስታችንም ሳቅን። ፓስታውን ከዕቃው ላይ ተካፍለን በላነው። እግዚአብሔር ሳይደግስ አይጣላም አሉ ሲስተር ሹካቸውን እየላሱ፤ እኔም አሜን አልኩ።

በሚቀጥለው ሳምንት ሲስተር ደወሉ። ሌላ ፈተና አለ። «ክራንች ላይ ነኝ እኮ» ብላቸው «ተኝተሽ ነው የምትሠሪው፣ ክራንች ማን ከለከለሽ?» አሉኝ። ሄድኩ፤ ከዚያም ወዲያ ቀርቼ አላውቅም። በኋላ አንድ ሰው የበሽተኛ ድምፄን ሰምቶ ለጤና መልእክቶች ቀጠረኝ፤ ከዚያ በድምፅ ለሚቀዱ ድራማዎች፤ አሁን ደግሞ የማኅበረሰባችን ቲያትር ላይ የማትታገሥ አማት ሆኜ እጫወታለሁ። ጌታነህ እሁድ እሁድ ከቅዳሴ በኋላ ይተኛል። ወፍሯል፤ አምሮበታል።

አንባቢዎቼ፣ በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም የሚለውን ተረት ሁላችንም እናውቀዋለን፤ ስንጠየቅ ግን ተመስገን ብለን እናልፋለን። ማመስገኑን ተዉ አልላችሁም፤ እኔም አልተውኩትም። ከምስጋናው ቀጥሎ ግን አንዲት እውነት ጨምሩ። ቤታችሁ ውስጥ ለናንተ ብሎ ጎህ ሳይቀድ የሚነሳ ሰው ካለ ደግሞ ቁጭ አድርጋችሁ ጠይቁት፤ ምናልባት እሱም የማይፈልገውን ለናንተ ብሎ እየሠራ ይሆናል።

የመጀመሪያውን የድምፅ ሥራ ልንገራችሁና ላብቃ። ሁለት ሺፍት የምትሠራ እናት ነኝ። ለነርሷ የምላት አንዲት ቃል ብቻ ናት፣ «ደክሞኛል»። አልኳት። ቀጂው በማዳመጫው «ጥሩ ነው፣ ግን ሰው እንዳይሰማሽ የፈለግሽ ትመስያለሽ። እንዲሰሙሽ ብለሽ በዪው» አለኝ። ደገምኩት። እንደገና አለ፤ ደገምኩት። አሥራ አንድ ጊዜ አስባለኝ፤ በአሥራ አንደኛው «በቃ፣ አገኘነው!» ብሎ ማሽኑን ሊያጠፋ ተነሳ። እኔ ግን ቃሉ አፌ ላይ ጣፍጦኝ፣ ማዳመጫውን ሳላወልቅ፣ እባክህ አንድ ጊዜ ብቻ ጨምርልኝ ብዬ ለመንኩት።